አባዬና የግድያ መጻሕፍት

ጥቅምት 4

ይድረስ ለአባዬ፣

እንደምን ከርመሃል? እጅህስ እንዴት ነው? ጀሶው ከተፈታ ወዲህ ጣቶችህ እንደ ልብ ይታዘዙሃል? እኔ ደህና ነኝ። ዘግይቼ ስለጻፍኩ ይቅር በለኝ። የቤተ መጻሕፍቱ ምድር ቤት ውሃ ገብቶበት ሁለት ሳምንት ሙሉ እርጥብ ገጽ እየገለጥን ስናደርቅ ከረምን።

ደብዳቤህን ሦስት ጊዜ አነበብኩት፤ ሦስት ጊዜም ሳቄ መጣ። አንተ ከጋዜጣ በቀር ወረቀት የማትገልጠው ሰውዬ፣ «ሰው የሚገደልባቸውን መጻሕፍት ላኪልኝ፤ ደም የማይበዛባቸውን ግን» ብለህ ስትጽፍ! እጅህ ታስሮ ቤት በዋልክበት ጊዜ ጎረቤታችን መምህሯ አንድ መጽሐፍ እንዳዋሰችህ ነግረኸኛል። አንድ መጽሐፍ ብቻውን ይህን ያህል ሱስ ያሲዛል ብዬ አላሰብኩም ነበር።

ሦስት ልኬልሃለሁ። ሦስቱም ከአገልግሎት የወጡ ናቸው። ጀርባቸውን የሰፋሁት፣ ሽፋናቸውን የለጠፍኩት እኔ ነኝና ሙጫው ቢሸትህ ጥፋቱ የኔ ነው። በአንደኛው ሟቹ ሀብታም ሽማግሌ ነው። በሁለተኛው የመንደር ሐኪም። በሦስተኛው ማን እንደሚሞት አልነግርህም። በሦስቱም ሻይ ይጠጣል፣ አበባ ይኮተኮታል፣ ዝናብ ይዘንባል፤ ከዚያ አንድ ሰው ወለል ላይ ተዘርሮ ይገኛል። መዝገብ ላይ የምትቀመጠው ባልደረባዬ መጽሐፎቹን ስጠቀልል አይታ አባቴ ምን እንደሚሠራ ጠየቀችኝ። የሬሳ ሣጥን ስላት እስክሪብቶዋ ከእጇ ወደቀ።

እውነቴን ግን ልጠይቅህ። ቀኑን ሙሉ ሣጥን ስትልግ ውለህ፣ አመሻሽ ላይ ደግሞ ሬሳ ፍለጋ መጽሐፍ መግለጥ ምን የሚሉት ነገር ነው? አይታክትህም?

ሌላም የምጠይቅህ ነገር ነበረኝ። እሱን በትንሽ ወረቀት ጽፌ ከመጽሐፎቹ በአንዱ ውስጥ ሸጉጬዋለሁ። ካልፈለግህ አትመልስልኝ።

ልጅህ


ጥቅምት 26

ለልጄ፣

ሰላም ላንቺ ይሁን። እኔ ደህና ነኝ። አውራ ጣቴ ብቻ ብርድ ሲሆን ያጉረመርማል፤ እንደ አክስትሽ። መጽሐፎቹ በሰላም ደርሰውኛል።

የመጀመሪያውን በአራት ቀን ጨረስኩት። አትክልተኛው ነው ብዬ ምዬ ተገዝቼ ነበር። ጉድ ተሠራሁ፤ ያቺ አንገቷን የደፋች የእህት ልጅ ሆና ተገኘች! ሁለተኛው ላይ እያለሁ አንድ ደንበኛ መጣ። በሩ ላይ ቆሞ ለአጎቱ እንደሆነ ሲነግረኝ ሳላስበው «ቁጭ በል፣ ሊይዙት ነው» አልኩት። ሰውየው ተቀመጠ። ምዕራፉን እስክጨርስ ኮፍያውን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ጠበቀኝ። ስጨርስ ያዙት ወይ ብሎ ጠየቀኝ። እንዲህ ያለ ነገር በሱቄ ደርሶ አያውቅም። አጎቱን ረስተን ስለ ሐኪሙ ስናወራ ቆየን።

ለምን እንደምወዳቸው ጠይቀሽኛል። እኔ ዘንድ ሰው እንዴት እንደሚመጣ ታውቂያለሽ። ርዝመቱን በእጁ ያሳየኛል፣ ወይም እስከ ትከሻዬ ይደርሳል ይለኛል። እንጨቱን ይመርጣል። ይሄዳል። እኔም ምን ሆኖ ሞተ ብዬ አልጠይቅም፤ በእኔ ሥራ ነውር ነው። ሠላሳ አምስት ዓመት ሙሉ ሰው ሁሉ ባጭሩ ነው የሚሞትብኝ። አመመው፣ ሞተ። ወደቀ፣ ሞተ። በመጽሐፉ ግን አንድ ሰው ሲሞት አገር ምድሩ ይነሳል። ምን በላ? ማን መጣ? በሩ የተቆለፈው ከውስጥ ነው ከውጭ? ጫማው ጭቃ ነበረው? ለአንድ ሽማግሌ፣ ያውም ለክፉ ሽማግሌ፣ ሦስት መቶ ገጽ ሙሉ ይጠየቅለታል። እኔ የምወደው ግድያውን አይደለም፤ መጠየቁን ነው። አንብቤ ቀና ስል ሱቁ ውስጥ የተደረደረው ጣውላ ሁሉ ሌላ ነገር ሌላ ነገር ይሸተኛል። ገና ያልተቆረጠ፣ ቅጠሉ ያልረገፈ ደን መሃል የተቀመጥኩ ይመስለኛል።

በትንሿ ወረቀት የጠየቅሽኝን አይቻለሁ። አጥፌ እዚያው ገጽ ውስጥ መለስኳት። አትቀየሚኝ።

አንቺስ ምን ታነቢያለሽ? መምህሯ «እሷማ የመናፍስት ታሪክ ነው የምትወደው፣ ከልጅነቷ ጀምሮ» አለችኝ። እኔ አላውቅም ነበር። አባት ነኝ እላለሁ።

አባትሽ


ኅዳር 19

አባዬ፣

ስለ ወንድሜ ስለጠየቅሁህ ይቅርታ። ሃያ ሁለት ዓመት ያልተነሳ ነገር መጽሐፍ መሃል ሸጉጦ መላክ ድፍረት ነው። ሐይቁ ከወሰደው ወዲህ አንተም አላነሳኸውም፤ እናቴም ነፍሷን ይማርና ሳታነሳው ሞተች። እኔ ማን ሆኜ ነው የማነሳው እያልኩ ራሴን ስወቅስ ሰነበትኩ።

አዎ፣ የመናፍስት ታሪክ ነው የማነበው። መምህሯ ልክ ናት። ክፉ ሕልም አያመጣብሽም ወይ ብትለኝ፣ አያመጣብኝም። እንዲያውም ሕልሙ የሚመጣው ሥራ ቦታ ነው፣ ዓይኔን ገልጬ። እዚህ ከተማ ጠዋት ጠዋት ከባሕሩ ጭጋግ ይገባል። መንገድ ስሻገር ሰዎች ከጉልበታቸው በታች አይታዩም፤ ተንሳፍፈው ወደ ሥራ የሚሄዱ ይመስላሉ። ወደ ምድር ቤቱ እወርዳለሁ። መስኮቶቹ ጣሪያው ሥር ስለሆኑ በእነሱ በኩል የሚታየኝ የአላፊ አግዳሚው ጫማ ብቻ ነው። ጫማ ሲያልፍ ብርሃኑ ይጠፋል፤ መልሶ ይመጣል። እዚያ ተቀምጬ ክሩን በሰም እያሸሁ መጽሐፍ እሰፋለሁ። ግማሹ ልቤ ግን ደረጃው በሚንቋቋ አሮጌ ቤት ውስጥ ነው፤ ማንም በሌለበት ክፍል ወንበር የሚንቀሳቀስበት ቤት።

ሰው ለመፍራት የምናነብ ይመስለዋል። መፍራቱም አለ፣ አልክድም፤ ፀጉሬ ቀጥ ብሎ ይቆማል። ግን አስበው አባዬ። በእነዚህ ታሪኮች ውስጥ የሞተ ሰው ይመለሳል። አስቀያሚ ሆኖ ይሁን፣ ተቆጥቶ ይሁን፣ ውሃ እያንጠባጠበ ይሁን፣ ብቻ ይመለሳል። የቤቱ ሰዎች ሲጮኹና ሲሸሹ አይገባኝም። እኔ ብሆን በሩን እከፍትለት ነበር። ፎጣ እሰጠው ነበር።

ይህን ጽፌ ልቀደው ነበር፤ ተውኩት። የምነግርህ ሌላ ነገር አለ፤ ዛሬ ግን እጄ እምቢ አለኝ።

ሁለት መጻሕፍት ጨምሬ ልኬያለሁ። አረንጓዴውን ስታነብ መነጽርህን አድርግ፤ ፊደሉ ደቃቅ ነው።

ልጅህ


ታኅሣሥ 15

ልጄ፣

ፎጣ እሰጠው ነበር ያልሽውን ካነበብኩ በኋላ ሦስት ቀን መጋዝ መጨበጥ አቃተኝ። ደንበኛ ሲመጣ እጄን አሞኛል እላለሁ። ውሸት አይደለም፤ ቦታውን ነው የሳትኩት።

እኔም ሙሉውን አልነገርኩሽም። መጠየቁን ነው የምወደው ብዬሻለሁ። እውነት ነው፣ ግን ግማሽ እውነት። ሌላው ግማሽ መጽሐፉ መጨረሻ ላይ ነው ያለው። መርማሪው ሁሉንም በአንድ ክፍል ይሰበስባቸዋል። እሳቱ ይነዳል፣ ውጭ ዝናብ ነው። አንድ በአንድ ያያቸዋል። አንቺ አይደለሽም፣ አንተም አይደለህም ይላል። እዚያ ስደርስ መጽሐፉን አስቀምጬ ሱቁን አንዴ እዞራለሁ። ጣቱ ዞሮ ዞሮ እኔ ላይ የሚያርፍ ይመስለኛል። ሌላ ሰው ላይ ሲያርፍ እፎይ የምል ይመስልሽ ይሆናል። አልልም። ይከፋኛል። ዛሬም አለፈኝ እላለሁ።

ወንድምሽ በሞተበት ቀን ዋዜማ ማታ አንቺ ተኝተሽ ነበር። ወንድምሽ ሣጥን መሥራት አልፈልግም አለኝ። ሰው በገባ ቁጥር ፊቴን አጥቁሬ መቆም መሮኛል፣ የሞተር ጥገና ልማር አለኝ። አሥራ ሰባት ዓመቱ ነበር። ያለው ሁሉ ልክ ነበር፤ እኔም በእሱ ዕድሜ ለአባቴ ያልኩት ነው። ግን ደሜ ፈላ። እናትሽ ልትገላግለን ስትነሳ እሷንም ዝም አሰኘኋት። ከዚያ «ከዓይኔ ጥፋ» አልኩት።

ጠፋ።

ሰው ሁሉ ነፋስ ተነስቶ ጀልባው ተገለበጠ አለኝ። በዚያ ሰዓት ለምን እንደወጣ፣ ቤት ውስጥ ምን እንደነበረ የጠየቀኝ ግን የለም። ቢጠይቁኝ እነግራቸው ነበር። ሣጥኑን እኔው ሠራሁት። ርዝመቱን ማንም እንዲያሳየኝ አላስፈለገኝም።

ይኸው ጻፍኩት። እንግዲህ ፈራጇ አንቺ ነሽ።

አባትሽ


ታኅሣሥ 22

አባዬ፣

ደብዳቤህ አሁን ደረሰኝ። ካፖርቴን ሳላወልቅ ነው የምጽፍልህ። ሰላምታ አላስቀደምኩም፣ ይቅር በለኝ።

በአንተ ተቆጥቶ አይደለም የወጣው። በእኔ ነው።

በዋዜማው፣ እናንተ ማታ ከመጣላታችሁ በፊት፣ ከሰዓት ሐይቁ መሃል ወዳለችው ደሴት ወስዶኝ ነበር። እሱ ዓሣ ሲያጠምድ እኔ ድንጋይ ላይ ተቀምጬ ከትምህርት ቤት የተዋስኩትን መጽሐፍ አነብ ነበር። መናፍስት ያሉበት የልጆች መጽሐፍ። እዚያው ረስቼው መጣሁ። መጽሐፉን በማግስቱ ለትምህርት ቤቱ መመለስ ነበረብኝ። ጎህ ሲቀድ ነቅቼ ስነፋረቅ ሰማኝና መጥቶ አልጋዬ ጫፍ ላይ ተቀመጠ። «ለዚህ ነው እንዴ? አባዬ ሳይነሳ አምጥቼልሽ እመለሳለሁ፤ ለማንም እንዳትናገሪ» አለኝ። ጫማውን በእጁ ይዞ ወጣ። ከበሩ ወዲያ ሲደርስ ያፏጭ ነበር። ያፏጭ ነበር፣ አባዬ። የተቆጣ ሰው አያፏጭም።

ለማንም አልተናገርኩም። መጀመሪያ አትናገሪ ስላለኝ ነበር። በኋላ ደግሞ ስለፈራሁ። እናቴ ስትሞት ጆሮዋ ላይ ልነግራት ጎንበስ ብዬ ትራሷን አስተካክዬ ተመለስኩ። ሰው መጽሐፍ ጥገና ለምን እንደመረጥኩ ሲጠይቀኝ እጄ ለመርፌ ይመቻል እላለሁ።

ጥፋተኛ የምትፈልግ ከሆነ አገኘኸው።

ልጅህ


ጥር 27

አባዬ፣

አምስት ሳምንት ሆነ። ስልክ እንደማትወድ ስለማውቅ ለመምህሯ ደወልኩላት። ደህና ናቸው፣ ግን ሱቁን እየዘጉ ይወጣሉ፣ የት እንደሚሄዱ አይናገሩም አለችኝ።

ተቀይመኸኝ ከሆነ ተቀየመኝ፤ ብትቀየመኝ አይፈረድብህም። ብቻ አንድ መስመር ጻፍልኝ። ደርሶኛል ብትለኝ ይበቃኛል። መጽሐፍ አልላክሁም። ምን እንደምልክ አላወቅሁም።

ልጅህ


የካቲት 8

ልጄ፣

ደርሶኛል። ሁለቱም ደርሰውኛል። ያስጨነቅሁሽ ሽማግሌ ነኝና ይቅር በይኝ።

ዝም ያልኩት ሥራ ይዤ ነው። ትስቂብኛለሽ፤ ደብተር ገዛሁ። የመጀመሪያው ገጽ ላይ እንደ መርማሪው ጥያቄዎቼን ደረደርኩ። በስንት ሰዓት ወጣ? ማን አየው? ጀልባው ወዴት ዞሮ ተገኘ? ለዚህ ሁሉ መልስ ያለው አንድ ሰው ብቻ ነው፤ ወንድምሽን ከውሃው ያወጣው ቀዛፊው። ታስታውሺው ይሆናል፤ ሰው ከወዲህ ወደ ማዶ የሚያሻግረው። ከዚያን ቀን ወዲህ እኔን ሲያይ መንገድ ይቀይራል። እኔ ሥራዬን ተጸይፎ ነው እል ነበር፤ ሣጥን ሠሪ ሲያይ የሚሸሽ ሰው ብዙ ነው።

አራት ጊዜ ሄድኩበት። ሦስቱን ጊዜ ገና ከሩቅ ሲያየኝ ጀልባው ላይ ዘሎ ቀዘፈ። በአራተኛው ከተሳፋሪዎች ቀድሜ ገብቼ ተቀምጬ ጠበቅሁት። ሐይቅ መሃል የት ይሸሻል?

ተሳፋሪዎቹን ማዶ አራግፎ ስንመለስ ሁለታችን ብቻ ቀረን። ጭጋግ ነበር። ዳርቻው አይታይም፤ ውሃውና ሰማዩ አንድ ነጭ ነገር ሆነዋል። የመቅዘፊያው ድምፅ ከእኛ ሳይሆን አጠገባችን ከሚሄድ፣ ግን ከማይታይ ሌላ ጀልባ የሚመጣ ይመስላል። ልጄ ከሞተ ወዲህ ውሃ ላይ ስወጣ የመጀመሪያዬ ነው። አልፈራሁም። እንቅልፍ እንደመጣበት ሰው ሆንኩ። ደብተሬን አወጣሁ፤ ፊደሉ አልታይ አለኝ።

«ልጄ ወዴት እየሄደ ነበር?» አልኩት።

መቅዘፉን አቆመ። ጀልባው በራሱ ትንሽ ሄደ።

«ወደ ቤቱ» አለኝ።

እንዴት እንዳወቀ ጠየቅሁት። ጀልባው ከመገልበጡ በፊት ከዳርቻው ሆኖ እንዳየው፣ ፊቱን ወደ ከተማው አዙሮ እንደነበር ነገረኝ። ከውሃው ሲያወጣው ከሸሚዙ ሥር፣ ደረቱ ላይ፣ በላስቲክ የተጠቀለለ መጽሐፍ ነበረ። ቀዛፊው ማንበብ ባይችልም የትምህርት ቤቱን ማኅተም ያውቃል፤ አድርቆ መለሰላቸው። ያንቺ መጽሐፍ ነው፣ ልጄ። ይዞልሽ እየመጣ ነበር።

ለምን እስከ ዛሬ አልነገርከኝም ስለው መቅዘፊያውን ጉልበቱ ላይ አጋድሞ የቀረውን ነገረኝ። ያን ጠዋት ወንድምሽ ወደ ደሴቷ ሲቀዝፍ በአጠገቡ አልፏል። እጁን አንስቶ ሰላም ብሎታል። ቀዛፊው ከልጁ ጀርባ ደመናውን አይቷል። ተመለስ ሊለው አስቦ ነበር፤ ግን የጣለውን የዓሣ መረብ ለመሰብሰብ ቸኩሎ ነበርና እሱም እጁን አንስቶ አለፈ።

«አንድ ቃል ነበር» አለኝ። «ሃያ ሁለት ዓመት ሙሉ አፌ ውስጥ አለ።»

ይኸውልሽ፣ ሦስት ሆንን። ይህን ሁሉ መጽሐፍ ሳነብ ሦስት ሰው ተሰልፎ እኔ ነኝ፣ እኔ ነኝ የሚልበት አልገጠመኝም። እዚያ ሁሉም እኔ አይደለሁም ነው የሚለው። ስመለስ ደብተሩን ገልጬ ማንን እንደምጽፍ ስቸገር ቆየሁና ነፋስ ብዬ ጻፍኩ።

አንቺን በተመለከተ ግን የሚያስቸግር ነገር የለም። ዘጠኝ ዓመትሽ ነበር። መጽሐፍ ረሳሽ። በቃ። ይህን ስጽፍ እጄ አልተንቀጠቀጠም፤ ጽሕፈቱን አይተሽ እመኚኝ። ስለ ራሴ ግን እንዲህ ቀጥ አድርጌ መጻፍ አልቻልኩም፤ ጊዜ ስጪኝ።

ያፏጭ ነበር ያልሽውን ድገሚልኝ። ምን ነበር የሚያፏጨው?

አባትሽ


የካቲት 30

አባዬ፣

ጽሕፈትህን አየሁ። ቀጥ ያለ ነው። ምድር ቤት ውስጥ ሆኜ አነበብኩት፤ ባልደረባዬ ወርዳ ምን ሆነሻል ስትለኝ ሙጫው ዓይኔ ውስጥ ገባ አልኳት። አላመነችኝም፤ ግን በሩን ዘግታልኝ ወጣች።

የሚያፏጨው በወረቀት የሚጻፍ አይደለም። ሚያዝያ ውስጥ የሦስት ሳምንት ፈቃድ አግኝቻለሁ። ስመጣ አፏጭልሃለሁ፤ የሚቀረኝ መጨረሻው ነው፣ እሱን እየራቀ ስለሄደ አልሰማሁትም።

አንድ ነገር ልንገርህ። ሰሞኑን የድሮዎቹን የመናፍስት ታሪኮች መልሼ ጀመርኩ። አንዲት ሴት ኮሪደር ላይ ከኋላዋ እርጥብ ኮቴ ትሰማለች። ይህን ስንት ጊዜ አንብቤዋለሁ መሰለህ! ሁልጊዜ እዚያ ስደርስ ዘወር በይ፣ እሱ እንደሆነስ እላት ነበር። በቀደም ግን እንደ ማንኛውም ሰው ፈራሁ። በቀትር፣ ፀሐይ በመስኮቱ እየገባች፣ ሰው ከላይ እየሳቀ፣ እግሬን ወንበሩ ላይ ሰቅዬ መጽሐፉን በጣቴ ጫፍ ይዤ ፈራሁ። ስዘጋው ሳቄ መጣ። ሰው ይህን ደስታ ፈልጎ ነው ለካ የሚያነበው። ኮቴው የማንም አልነበረም።

ለአንተ ስድስት መጻሕፍት ይዤ እመጣለሁ። ለመሆኑ ቀዛፊው አሁንስ ሲያዩህ ይሸሻሉ?

ልጅህ


መጋቢት 21

ልጄ፣

ፈቃድሽን ስሰማ ክፍልሽን ጠረግሁ። የመስኮቱ መዝጊያ አልገጥም ብሎ ነበር፤ ላግኩት።

አይሸሽም። እሑድ ከሰዓት ከሰዓት ሱቄ ይመጣል። መጀመሪያ የመጣ ቀን በር ላይ ቆሞ የሚቀመጥበት ሲፈልግ ያልጨረስኩትን ሣጥን አሳየሁትና «ቁጭ በል፣ ባዶ ነው» አልኩት። ተቀመጠ። የምናወራው ነገር አልነበረንም። ስለ ወንድምሽ በጀልባው ላይ ያወራነው ለጊዜው በቂያችን ነበር። ስለዚህ መጽሐፍ አነበብኩለት፤ ደቃቅ ፊደል ያለውን አረንጓዴውን።

ጥሩ አድማጭ እንዳይመስልሽ። በየገጹ ያስቆመኛል። በምዕራፍ ሁለት ሟቹን ማንም አልገደለውም፣ ልቡ ነው ብሎ ድርቅ አለ። መርዝ እንደተገኘ ሳነብለት መርዙም ቢሆን ተሳስተው ነው አለ። ማንንም መጠርጠር አይወድም። አንዷ ወይዘሮ የምትዋሽበት ቦታ ደርሼ ሳነብለት አንገቱን ነቅንቆ «ቸግሯት ነው» አለኝ። ሻይ የማፈላበት ማንቆርቆሪያ ያፏጫል፣ እንጨቱ ይሸታል፣ እኔ አነባለሁ፤ ሁለት ሽማግሌዎች በሰው አገር መንደር ውስጥ፣ በማናውቀው ዝናብ ሥር ስንዞር እንውላለን። ሲመሽ ወደ ቤቱ የሚሄደው እንደ ነቃ ሰው ዓይኑን እያሸ ነው።

ትናንት መጽሐፉ አለቀ። መርማሪው ሁሉንም ሰብስቦ አንድ በአንድ ጠየቃቸውና በመጨረሻ ወደ ፖስተኛው ዞረ። አንተስ ያን ጠዋት የት ነበርክ አለው። ፖስተኛው ኮፍያውን አውልቆ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ተናገረ። ሁለት ገጽ ተኩል ነው። እኔም ለወትሮው እዚህ ላይ ነበር ተነስቼ ሱቁን የምዞረው፤ የሚሰማኝ ሰው ስላለ ሳልነሳ ጨረስኩት። ቀና ስል ቀዛፊው ያለቅሳል። ድምፅ የለውም፤ እንባው ብቻ ይወርዳል።

«ምን ያስለቅስሃል?» አልኩት። «ክፉ ሰው እኮ ነው። ሁለት ነፍስ አጥፍቷል።»

ፊቱን በእጅጌው ጠረገ።

«አውቃለሁ» አለኝ። «እሱን ግን ጠየቁት።»

አባትሽ